«አራት ሜትር ብቻ ነው የምንወስደው» ተብለን ነበር፤ መንገድ ሲሠራ ይዞታችንን እንዴት እንጠብቅ?

የአጥር_ጥግ (ክሩን የከፈተ)

ሰላም ለሁላችሁ። ረዘም ስለሚል ታገሡኝ።

የምጽፈው ስለ ሁለት ነገር ነው፤ አንዱ ያለፈብን፣ ሌላው ሊመጣብን ያለ። ከጥቂት ዓመታት በፊት የአካባቢያችን አስተዳደር ከቤታችን ፊት ለፊት ያለውን መንገድ ሊያሰፋ መጣ። አባቴ መንገድ የሚወድ ሰው ነው። ቀያሾቹ ችካል ሲተክሉ ወንበር አውጥቶ ያስቀመጣቸው፣ ውኃ ያጠጣቸው እሱ ነው። «ከግቢያችሁ የምንወስደው አራት ሜትር ብቻ ነው» አሉን። ለአጥሩና ለዛፎቹ ተገመተ፣ ፈረምን፣ ገንዘቡም ተከፈለን። እስከዚህ ድረስ ማንንም አልወቅስም።

ያልነገሩን የመንገዱን ከፍታ ነው። ሥራው ሲያልቅ አስፋልቱ ከግቢያችን ወለል አንድ ሜትር ተኩል ገደማ ከፍ ብሎ ቆመ። በራችን ፊት ለፊት የአፈር ግድግዳ ሆነ። መኪና መግባት ቀረ፣ አባቴም በምርኩዝ የሚሄድ ሰው ስለሆነ ከቤት ለመውጣት ደጋፊ ይፈልግ ጀመር። ዝናብ በጣለ ቁጥር የአስፋልቱ ጎርፍ በቀጥታ ወደ ሳሎን ይመጣል። የፊቷን ክፍል ተከራይታ ልብስ ትሰፋ የነበረችው ሴት ደንበኞቿ መግቢያ ስላጡ ለቅቃ ሄደች። የተከፈለን ለአራት ሜትሩ ነው፤ የተበላሸብን ግን ከአራት ሜትሩ ወዲህ ያለው ሁሉ ነው። ሄደን ስንጠይቅ «ለወሰድነው ከፍለናል፣ ቀሪው የራሳችሁ ነው» ተባልን። ይህ መልስ እስካሁን ከውስጤ አልወጣም።

አሁን ደግሞ በግቢያችን ጎን መጋቢ መንገድ ሊወጣ ነው። ችካል ገና አልተተከለም። መንገዱ እንዳይሠራ አልፈልግም፤ ከኋላችን ያሉ ብዙ ቤተሰቦች መውጫ የላቸውም። የምፈልገው ያለፈው እንዳይደገም ነው። ምን ልጠይቅ? መቼ ልጠይቅ? ማንን ልጠይቅ? ያለፈበት ካለ ይንገረኝ።


ቀያሽ_ነበርኩ

ወንድሜ፣ ታሪክህን ሳነብ አዘንኩ፤ ምክንያቱም እኔ ከነዚያ ችካል ተካዮች አንዱ ሆኜ ብዙ ዓመት ሠርቻለሁ። ውኃ ያጠጡን አባቶች ብዙ ናቸው።

የሁላችሁም ስህተት የጠየቃችሁት ስፋቱን ብቻ መሆኑ ነው። ሰው ሁሉ «ስንት ሜትር ትወስዳላችሁ?» ይላል። መንገድ ግን ስፋት ብቻ ሳይሆን ከፍታም አለው። ስለዚህ ሦስት ንድፎችን አሳዩኝ በል። አንደኛው ከላይ የሚታየው ፕላን ነው፤ እሱን ሁሉም ያሳያል። ሁለተኛው ፕሮፋይል የሚባለው ነው፤ መንገዱ በርዝመቱ የት ከፍ፣ የት ዝቅ እንደሚል፣ ነባሩ መሬትም በአንድ ሌላ መስመር የት እንዳለ ያሳያል። የሁለቱ መስመሮች ልዩነት በአንተ በር ፊት ስንት እንደሆነ ማንበብ የአምስት ደቂቃ ሥራ ነው። ሦስተኛው ክሮስ ሴክሽን ነው፤ መንገዱን እንደ ዳቦ ቆርጠህ በጎን ስታየው ማለት ነው። የሙሌቱ እግር እስከ የት እንደሚደርስ የሚታየው እዚያ ላይ ነው።

እግር ያልኩትን ላስረዳ። አፈር ቀጥ ብሎ አይቆምም፤ ተዳፋት ይፈልጋል። ለእያንዳንዱ አንድ ሜትር ከፍታ ተዳፋቱ ሁለት ሜትር ወደ ጎን ከተዘረጋ፣ የአንተ 1.5 ሜትር ሙሌት ከመንገዱ ጠርዝ ወዲህ ተጨማሪ 3 ሜትር ይፈልጋል። ይህ 3 ሜትር ወይ ከግቢህ ይወሰዳል ወይ በድጋፍ ግንብ ይተካል። ግንቡ ገንዘብ ስለሚያስወጣ ማንም በራሱ ፈቃድ አያነሳልህም፤ አንተ ማንሳት አለብህ።

ውኃውን ደግሞ ለብቻው ጠይቅ። የጎርፍ ቦዩ የት ይጀምራል፣ ከመንገዱ ሥር የሚያልፈው ቱቦ አፉ ወዴት ነው የሚከፈተው? ብዙ ግቢ የጠፋው በተወሰደ መሬት ሳይሆን በቱቦ አፍ ነው። እኔ ራሴ በወረቀት ላይ ክብ አድርጌ ያስቀመጥኩት የቱቦ መውጫ የአንዲት እናት ጓሮ ሆኖ ያገኘሁበት ቀን አለ። በወረቀቱ ላይ ባዶ ቦታ ነበር።

ጊዜውን በተመለከተ፣ ችካሉ ከመተከሉ በፊት ያለው ጊዜ ወርቅ ነው። የመሀል መስመሩን ግማሽ ሜትር ወዲያ ማዞር በዚያ ጊዜ የአንድ ከሰዓት ሥራ ነው። ተቋራጩ ከገባ በኋላ ግን የውል ለውጥ፣ ተጨማሪ ክፍያና የብዙ ሰዎች ፊርማ ይሆናል። አሁን ሂድ።


ሰከን_በሉ

ይቅርታ አድርጉልኝ፣ የተለየ ነገር ልናገር ነው። እኔ ያደግኩት መንገድ በሌለበት ቦታ ነው። እህቴን ምጥ ሲይዛት በቃሬዛ ተሸክመናት ስንሄድ ነው ልጁ የሞተብን። ስለዚህ «ይዞታዬ፣ ይዞታዬ» የሚል ድምፅ ስሰማ ወዲያው የሚታየኝ ያ ሌሊት ነው። እኛ ዘንድ መንገዱ የዘገየው በበጀት ብቻ አልነበረም፤ አንድ ሰው «አልነሳም» ብሎ ሁለት ዓመት ስላቆመውም ጭምር ነው።

እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2012 በቻይና ዌንሊንግ ከተማ አዲስ አስፋልት መሀል ብቻዋን የቆመችውን ባለ አምስት ፎቅ ቤት ፎቶ ብዙዎቻችሁ አይታችኋል። ዓለም ሁሉ ለባለቤቱ አጨበጨበ። እኔ ግን የማስበው በዚያ መንገድ ሊያልፉ የሚጠብቁትን ነው። ሁሉም ባለይዞታ ፕሮፋይል አሳዩኝ፣ ግንብ ሥሩልኝ፣ ቱቦ አዙሩልኝ ካለ ገጠርና ዳርቻ ያለ ሰው መቼ ነው መንገድ የሚያገኘው?

ደግሞም መንገድ ሲመጣ የመሬት ዋጋ ይወጣል። አራት ሜትር የሰጠ ሰው በቀረው ላይ ያተርፋል። ይህንንም ቁጠሩት እንጂ።


የአጥር_ጥግ

ስለ እህትህ ልጅ ከልቤ አዝናለሁ። እኔም መንገዱ ይሠራ ነው የምለው። ነገር ግን «የቀረው ዋጋው ይወጣል» ያልከው እኛ ዘንድ አልሆነም። ጎርፍ የሚገባበትን፣ መኪና የማይገባበትን ግቢ ማን ይገዛል?


ዳኝነት

እዚህ ላይ ልግባ። በመሬት ክርክር ላይ ጥብቅና ቆሜ አውቃለሁ። (የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሰከን_በሉ፣ የአንተን ሐሳብ ሕጉም ይጋራዋል። የትም አገር ባለይዞታ ለሕዝብ ጥቅም የሚሠራ መንገድን በ«አልፈልግም» ብቻ እንዲያስቆም አይፈቀድለትም። ሕጉ የሚለው ሌላ ነገር ነው፤ የሁሉም የሆነ መንገድ ዕዳው በአንድ ሰው ትከሻ ላይ አይውደቅ ነው የሚለው። ይህ አዲስ ሐሳብም አይደለም። በ1215 በእንግሊዝ የወጣው ማግና ካርታ የንጉሥ ሹም የሰው እህል ወይም ንብረት ሲወስድ ወዲያው እንዲከፍል፣ ነፃ ሰው ከይዞታው በሕግ ካልሆነ እንዳይነቀል ይደነግጋል። የ1789ኙ የፈረንሳይ የመብቶች መግለጫ በአንቀጽ 17 ካሳው ተገቢና ቅድሚያ የተከፈለ እንዲሆን ይጠይቃል። የአሜሪካ ሕገ መንግሥት አምስተኛ ማሻሻያ በ1791 ያለ ተገቢ ካሳ ለሕዝብ ጥቅም የግል ንብረት አይወሰድም አለ። መሬት የመንግሥትና የሕዝብ በሆነበት አገርም ቢሆን ጉዳዩ አይቀርም። የ1995ቱ የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሬት አይሸጥም ይላል፤ ነገር ግን ሰው በጉልበቱና በገንዘቡ መሬቱ ላይ የሠራው የራሱ እንደሆነና መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም ሲወስደው ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ እንዲከፍል ያዛል።

«በቅድሚያ» የምትለዋን ቃል አስምሩባት። ዶዘሩ ካለፈ በኋላ የሚቀርህ ደረሰኝና ተስፋ ነው። ማስረጃህ ፈርሷል፣ ገማቹም የሚያየው ባዶ ቦታ ነው፣ አስተዳደሩም የሚቸኩልበት ምክንያት የለውም። ሳይፈርስ ግን የሚቸኩሉት እነሱ ናቸው። ስለዚህ ካሳው መጠኑ ብቻ ሳይሆን ቀኑም መብት ነው።

ሌላው ብዙ ሰው የማያስተውለው በደል ሳይወስዱ ማሰር ነው። ካርታ ላይ ቀይ መስመር ይሰመራል፣ «መንገድ ያልፍበታል» ይባላል፣ ከዚያ ማንም አይመጣም። ቤትህን ማደስ አትችልም፣ መሸጥ አትችልም፣ ካሳም የለም። ስቶክሆልም ውስጥ የሆነውን ላንሳ። በ1956 ለከተማዋ የማስለቀቅ ፈቃድ ተሰጠ፤ ከመሬቶቹ አንዱ ላይ የማሳለጫ ድልድይ ምሰሶ ሊቆም ነበር። ፈቃዱ 23 ዓመት ቆየ፤ ግንባታ የተከለከለበት ጊዜ ደግሞ 25 ዓመት። በመጨረሻ መሬቱ ሳይወሰድ ፈቃዱ በ1979 ተሰረዘ። የአውሮፓ የሰብዓዊ መብቶች ፍርድ ቤት በ1982 ስፖሮንግና ሎንሮት በተባለው ጉዳይ ስዊድንን ጥፋተኛ አደረገ። መሬቱ በባለቤቶቹ እጅ እንዳለም ቢሆን፣ ያለ ጊዜ ገደብና ያለ ካሳ ተንጠልጥሎ መቆየቱ በሕዝብ ጥቅምና በግለሰብ መብት መካከል ሊኖር የሚገባውን ሚዛን አዛብቷል ነው ያለው። በአሜሪካ ኖርዝ ካሮላይናም በ1987 የወጣ ሕግ የወደፊት መንገድ መስመሮችን በካርታ አስመዝግቦ ግንባታ ይከለክል ነበር፤ የግዛቲቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት በ2016 ይህ ራሱ መውሰድ ነው፣ ካሳ ይገባዋል ብሎ ወሰነ።

ስለዚህ የአጥር_ጥግ፣ «መንገዱ መቼ ይጀመራል? ካልተጀመረ እገዳው መቼ ይነሳል?» ብለህ በጽሑፍ ጠይቅ።


ገማቹ

የግምት ሥራ ላይ ነኝ። ሰከን_በሉ ያነሳው የዋጋ መጨመር ጉዳይ ከባድ ጥያቄ ስለሆነ በአግባቡ ልመልስ።

መጀመሪያ የአጥር_ጥግ ቤተሰብ የደረሰባቸውን በሙያው ቋንቋ ላስቀምጥ። ሁለት ዓይነት ጉዳት አለ፤ የተወሰደው ዋጋ፣ እና በቀሪው ላይ የደረሰው ጉዳት። ትክክለኛው አሠራር መሬቱን ሁለት ጊዜ መገመት ነው። መንገዱ ሳይመጣ በፊት ሙሉው ግቢ ምን ያህል ያወጣ ነበር? መንገዱ ካለቀ በኋላ የቀረው ምን ያህል ያወጣል? ልዩነቱ ኪሳራው ነው። «አራት ሜትር ሲባዛ በርዝመት፣ ሲደመር አጥርና ዛፍ» የሚለው ስሌት ቀሪውን እንዳለ ጤነኛ አድርጎ ስለሚወስድ ነው የተጎዳችሁት። የሚቀረው ቁራጭ ለምንም የማይሆን ከሆነ ደግሞ «ሙሉውን ውሰዱልኝ» ማለት የሚቻልበት ሕግ ያላቸው አገሮች አሉ፤ እንግሊዝ አንዷ ናት።

የቤት ግምት ላይ የሚሠራ ሌላ ስህተት አለ፤ የእርጅና ቅናሽ። የሠላሳ ዓመት ቤት ነው ተብሎ ግማሹ ይቀነሳል። ነገር ግን ሰውዬው በተከፈለው ገንዘብ የሠላሳ ዓመት አሮጌ ቤት ገዝቶ አይገባም፤ አዲስ መሥራት አለበት። ለዚህ ነው የዓለም ባንክ ለሚያበድርባቸው ፕሮጀክቶች ባወጣው መመሪያ ካሳው የመተኪያ ዋጋ ይሁን፣ እርጅና አይቀነስ፣ የማዛወሪያና የምዝገባ ወጪም ይታሰብ የሚለው። ሕንድ ደግሞ የ1894ቱን የቅኝ ግዛት ዘመን ሕግ በ2013 ስትቀይር፣ በተገመተው ላይ መቶ በመቶ ማካካሻ እንዲጨመር አደረገች፤ ሰው በፈቃዱ ሳይሸጥ በግዴታ ስለሚነሳ።

አሁን ወደ ጭማሪው። አዎ፣ መንገድ ዋጋ ይጨምራል፤ አንዳንድ አገሮችም ጭማሪውን ከካሳው ይቀንሳሉ። ግን አስተውሉ። ከመንገዱ ማዶ ያለው ጎረቤት አንድ ስንዝር አልሰጠም፤ የእሱ መሬት ዋጋም እኩል ወጣ፤ ከእሱ የሚጠይቅ የለም። መሬቱን የሰጠው ብቻ ነው ጭማሪው የሚታሰብበት። ሁለት ጊዜ ከፈለ ማለት ነው። ጭማሪ የሚሰበሰብ ከሆነ በግብር ከሁሉም ይሰብሰብ።

መንገድ ዋጋ የሚቀንስበትም ጊዜ አለ። በእንግሊዝ በ1973 የወጣ የመሬት ካሳ ሕግ፣ ምንም መሬት ያልተወሰደበት ሰው እንኳ በአዲሱ መንገድ ጩኸት፣ ንዝረት፣ ሽታ፣ ጭስ ወይም መብራት ምክንያት የቤቱ ዋጋ ከወረደ፣ መንገዱ በተከፈተ በዓመቱ ካሳ እንዲጠይቅ ይፈቅዳል። አንድ ዓመት የሚጠበቀው ጉዳቱ በግምት ሳይሆን በዓይን ታይቶ እንዲለካ ነው። ይህን አሠራር እወደዋለሁ።


ተከራይዋ

እስካሁን ስለ ባለቤት ነው የተወራው። የአጥር_ጥግ በአንድ ዓረፍተ ነገር ያለፋት ልብስ ሰፊ ሴት ላይ ቆሜ ቀረሁ፤ እኔም እሷን ነበርኩና። ቦታው ሌላ ነው፣ ሥራዬም ፀጉር ነበር። ማስታወቂያው የተለጠፈው በባለቤቱ በር ላይ ነው። ስብሰባ የተጠራው ባለቤቱ ነው። ፈራሚው እሱ፣ ተከፋዩ እሱ። እኔ የሰማሁት ከደንበኛዬ ነው። መስታወቱን፣ የውኃ መስመሩን፣ ንጣፉን ያሠራሁት በራሴ ገንዘብ ነበር፤ በግምቱ ላይ «የቤቱ አካል» ተብሎ ለባለቤቱ ተከፈለ። እሱም መልካም ሰው ስለሆነ ትንሽ አካፈለኝ። መልካም ሰው ባይሆንስ?

ከዚያ በኋላ ነው ማንበብ የጀመርኩት። የኬንያ የ2010 ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 ለባለይዞታ ሙሉና ፈጣን ካሳ ካለ በኋላ፣ የባለቤትነት ወረቀት ባይኖራቸውም በቅን ልቦና የያዙ ሰዎችም ካሳ የሚያገኙበት ድንጋጌ ሊወጣ እንደሚችል ይናገራል። ገማቹ የጠቀሰው የዓለም ባንክ መመሪያም በመሬቱ ላይ ሕጋዊ መብት የሌለው ሰው እንኳ ለሠራው ነገርና ለሚያጣው መተዳደሪያ እንዲታሰብለት ይጠይቃል። ለዚህም ቆጠራ ይካሄዳል፣ የመቁረጫ ቀን ይታወጃል፤ ከዚያ ቀን በኋላ የገባ አይካተትም። ስለዚህ ቆጣሪዎቹ በመጡበት ቀን ስሙ ያልተጻፈ ሰው በኋላ ቢጮህ የሚሰማው የለም። የአጥር_ጥግ፣ ግቢህ ውስጥ ተከራይ ካለ አስቆጥር። እለምንሃለሁ።

አንድ ነገር ልጨምር። ገንዘቡ በማን ስም ነው የሚገባው? ባልና ሚስት አብረው ያፈሩት ቤት በባል ሒሳብ ብቻ ተከፍሎ ሚስት ልጆቿን ይዛ ኪራይ ቤት ስትፈልግ አይቻለሁ። የሁለቱም ፊርማ ይጠየቅ።


ገማቹ

ተከራይዋ፣ ልክ ነሽ። በቅጻችን ላይ «የተከራይ ሥራ» የሚል መስመር አለ፤ አብዛኛውን ጊዜ ባዶ ሆኖ ነው የሚመጣው። ከነገ ጀምሮ ባዶ ሆኖ ሲመጣልኝ ለምን እንደሆነ እጠይቃለሁ።


የአጥር_ጥግ

እናመሰግናለን እህቴ። የጻፍኩትን መልሼ ሳነብ አፈርኩ። የዛሬዋን ተከራያችንን አስቆጥራለሁ።

ሌላ ጥያቄ መጣብኝ። ከኋላ ሁለት ክፍል ለመጨመር የግንባታ ፈቃድ ጠይቀን ነበር። ትላንት ቢሮ ስሄድ «ለመጋቢው መንገድ የሚሆነውን ከጎን በነፃ ከለቀቃችሁ ፈቃዱ ይሰጣችኋል» አሉኝ። ይህ መቀማት ነው ወይስ መስማማት?


ዳኝነት

እንዳትፈርም። ቢያንስ ሳታስብበት አትፈርም።

ይህ ሦስተኛው መንገድ ነው፤ ሳይወስዱ ማሰር አለ፣ ከፍሎ መውሰድ አለ፣ ፈቃድን መያዣ አድርጎ በነፃ መውሰድ አለ። አስተዳደሩ ሙሉ በሙሉ ተሳስቷል ማለት አይቻልም። የምትሠራው ነገር በመንገዱ ላይ ጫና የሚጨምር ከሆነ ያንን ጫና የሚያቃልል ነገር እንድታዋጣ መጠየቅ ይችላል። ጥያቄው መጠኑ ነው። በአሜሪካ ቲጋርድ በምትባል ከተማ አንዲት ነጋዴ ሱቋን ልታሰፋ ፈቃድ ስትጠይቅ፣ ከተማዋ ለጎርፍ መከላከያና ለእግረኛና ብስክሌት መንገድ ከመሬቷ አንድ አሥረኛውን ገደማ ልቀቂ አለቻት። ጉዳዩ እስከ አገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰ። በ1994 ፍርድ ቤቱ የሚጠየቀው ነገር ግንባታው ከሚያመጣው ጫና ጋር በግርድፉም ቢሆን መመጣጠን አለበት፣ ይህንንም የማስረዳት ሸክሙ የከተማዋ ነው አለ። «የትራፊኩን ጫና ሊቀንስ ይችላል» የሚል ጥቅል ምክንያት አልበቃም።

ከተሞች ቀጥሎ ያሰቡት በመሬት ፋንታ ገንዘብ መጠየቅ ነው። በካሊፎርኒያ ኤል ዶራዶ በሚባል አውራጃ አንድ ሰው በመሬቱ ላይ ትንሽ ተገጣጣሚ ቤት ሊያቆም 23,420 ዶላር የትራፊክ ክፍያ ተጠየቀ። አውራጃው «ይህ በምክር ቤት የጸደቀ ታሪፍ ነው፣ ለሁሉም እኩል ነው፣ መመዘን አያስፈልገውም» አለ። በ2024 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በሙሉ ድምፅ፣ በምክር ቤት መጽደቁ ብቻ ከመመዘን አያስጥለውም ብሎ ወሰነ። ክፍያው በዝቷል ወይስ ልክ ነው የሚለውን ግን ለሥር ፍርድ ቤቶች ተወው።

እነዚህ ውሳኔዎች ሌላ አገር አያስሩም፤ የሚያስተምሩት ጥያቄውን ነው። ቢሮው ሄደህ እንዲህ በል፤ «ሁለት ክፍል ብጨምር ስንት ሰው፣ ስንት መኪና ይጨምራል? ለዚያ የሚሆን መንገድ ስንት ካሬ ነው? የጠየቃችሁኝስ ስንት ነው?» መልሱን በጽሑፍ ጠይቅ። መጋቢው መንገድ ብዙ ቤተሰብ የሚጠቀምበት ከሆነ፣ የአንተ ሁለት ክፍል የዚያን ሁሉ ዋጋ ሊሸከም አይችልም። ከምታዋጣው በላይ ያለው በካሳ ይወሰድ።


ሰከን_በሉ

ያላችሁትን ሁሉ አነበብኩ። ስለ ተከራይዋ ያነበብኩት ከብዶኛል፤ እህቴን የተሸከምናት እኛም ማንም የማይቆጥረን ሰዎች ነበርን።

ነገር ግን የገንዘቡ ጉዳይ አሁንም ያሳስበኛል። በጀት የሌለው ትንሽ አስተዳደር ይህን ሁሉ ከየት ያመጣዋል? ካሳ ሳይከፍል መንገድ የሚያወጣበት፣ ሰውም የማይበደልበት ዘዴ የለም?


ቀያሽ_ነበርኩ

አለ፤ እኔም ብሠራበት ብዬ የምመኘው ነው። መሬትን ማሸጋሸግ እንበለው። አንድ ሙሉ ሰፈር አብሮ ይገባል፤ ሁሉም ይዞታ በወረቀት ላይ ይደመርና መንገዱ፣ ቦዩ፣ አረንጓዴው ቦታ ከጠቅላላው ላይ ይቀነሳል። ከዚያ ለሁሉም በየድርሻው ትንሽ ያነሰ፣ ግን ቅርጹ የተስተካከለና በሩ መንገድ ላይ የሆነ ቦታ ይመለስለታል። መስመሩ ቤቱ ላይ ስለወደቀ ሙሉ በሙሉ የሚነቀል ሰው አይኖርም፤ ማዶ ቆሞ በነፃ የሚጠቀምም አይኖርም። ገማቹ ያነሳው የጎረቤት ጉዳይ የሚፈታው እዚህ ላይ ነው።

ጀርመን ውስጥ ፍራንክፈርት በ1902 ለዚህ የሚሆን ሕግ ነበራት፤ በከንቲባዋ በፍራንዝ አዲከስ ስም ይጠራል። ጃፓኖች ከ1923ቱ የቶኪዮ የመሬት መንቀጥቀጥ በኋላ የተቃጠሉትን ሰፈሮች መንገድ ያወጡት በዚሁ ዘዴ ነው። ሕንድ ጉጃራት ውስጥ ቡጅ የተባለችው አሮጌ ከተማ በ2001 በመሬት መንቀጥቀጥ ስትፈርስ፣ እሳት አደጋ መኪና የማይገባባቸውን ጠባብ ጉሮሮ መንገዶቿን ያሰፋችው እንዲሁ ነው።


ተከራይዋ

ሠላሳ ካሬ ያላት ሴትስ? ከሠላሳ ላይ ሲቀነስ ምን ይቀራል?


ቀያሽ_ነበርኩ

እህቴ፣ ቡጅ ላይ ያንን አስበውበታል። ቅናሹ እንደ ይዞታው ስፋት የተለያየ ነበር፤ ትንንሾቹ ምንም ሳይነካባቸው ወይም ጥቂት ብቻ ሰጥተው፣ ትልልቆቹ የበለጠ እንዲያዋጡ ተደረገ። ለሁሉም እኩል መቶኛ ካሉ ግን አንቺ የፈራሽው ይሆናል። ሌላው ችግር ጊዜው ነው፤ መቶ ቤተሰብ ማስማማት ወራት ይፈልጋል። ለአንድ ጠባብ መጋቢ መንገድ ይበዛ ይሆናል። የአጥር_ጥግ ሰፈር ግን ከኋላ ያሉት ቤተሰቦች ሁሉ ተጠቃሚ ስለሆኑ ቢያንስ፣ ለምሳሌ አራት ሜትር ቢያስፈልግ፣ ከማዶ ካለው ጎረቤት ጋር ሁለት ሁለት ሜትር መካፈልን ማንሳት ትችላላችሁ። አራቱንም ከአንድ ወገን ለመውሰድ ምን ምክንያት አላቸው?


የአጥር_ጥግ

ከሦስት ሳምንት በኋላ ተመለስኩ። የሆነውን ልንገራችሁ።

ፕሮፋይሉን ጠየቅሁ። መጀመሪያ «ለግለሰብ አይሰጥም» አሉኝ። ቁጭ ብዬ ጠበቅሁ፤ አንድ ወጣት መሐንዲስ አውጥቶ ጠረጴዛ ላይ ዘረጋልኝ። ቀያሽ_ነበርኩ ያለው ልክ ነው፤ አምስት ደቂቃም አልፈጀም። በጎናችን በኩል መንገዱ 80 ሳንቲ ሜትር ከፍ ይላል። የቱቦው አፍ ደግሞ ከጓሯችን ጥግ ይከፈታል። ልጁ ራሱ ሲያየው ዝም አለ፣ ከዚያ «ይህ ነባሩ ቦይ ድረስ መቀጠል ነበረበት» አለ። አሥራ ሁለት ሜትር ተጨማሪ ቱቦ ነው። በማሻሻያው ላይ ጽፎታል፤ ቅጂው በእጄ ነው።

መሬቱን በነፃ ስለመልቀቅ የዳኝነትን ሦስት ጥያቄዎች በደብዳቤ አስገባሁ። መልስ አልመጣም፤ ፈቃዱም አልተሰጠኝም። ይግባኝ አዘጋጅቻለሁ። ከማዶ ያሉት ጎረቤታችን መካፈሉን እምቢ አሉ፤ አባቴ ሊያናግራቸው ሁለት ጊዜ ሄዷል፣ ሦስተኛም እሄዳለሁ ይላል። ከኋላ ያሉት ቤተሰቦች ግን አሥራ አንድ ሆነው ከእኛ ጋር ፈርመዋል፤ መንገዱ ይሠራ፣ ካሳው ይቅደም ብለው።

ተከራያችን በቆጠራው ላይ ስሟ ገብቷል። መደርደሪያዋና ያሠራችው የመብራት መስመር ለብቻው ተጽፏል። ስትፈርም እጇ ይንቀጠቀጥ ነበር።


ዳኝነት

ይግባኙን የምታስገባበት ቀነ ገደብ አለ፤ የሚቆጠረው ውሳኔው በጽሑፍ ከደረሰህ ቀን ጀምሮ ይሁን ወይስ ከተለጠፈበት፣ አስቀድመህ አረጋግጥ። ካሳ እየተከራከርክም ቢሆን ያልተካደውን ገንዘብ «መብቴን ጠብቄ ተቀብያለሁ» ብለህ ጽፈህ መቀበል ትችል እንደሆነ በአካባቢህ ያለ ጠበቃ ጠይቅ። አንዳንድ ቦታ ዝም ብሎ መፈረም እንደ መስማማት ይቆጠራል።


ቀያሽ_ነበርኩ

ችካሉ ሲተከል እያንዳንዱን ከቤትህ ማዕዘን በሜትር ለክተህ ጻፍ፣ ፎቶም አንሳ። ችካል ይንቀሳቀሳል። የግድግዳህን ስንጥቅም አሁኑኑ ፎቶ አንሳው፤ ሮለሩ ሲንቀጠቀጥ አዲስ የሚመጣውን ከድሮው የምትለየው በዚያ ነው።


የአጥር_ጥግ

ዛሬ ጠዋት አራቱንም ግድግዳ አነሳሁ። አባቴ ሜትሩን ያዘልኝ።